የአዳዳ ጉዲቱ ፊልም

ከዚህ በታች ከምነግራችሁ ውስጥ አንዲት ቃል ሐሰት ብትገኝ አዋሽ ሞልቶ ይውሰደኝ። እሱ ካነሰ፣ ከሞጆ እስከ ሻሸመኔ በመንገዱ ግራና ቀኝ የሚኖር ሰው ሁሉ ተሰብስቦ ይፍረድብኝ። ደግሞም እኔ የማወራው ቀንሼ ነው፤ ሙሉውን ብናገረው ማን ያምነኛል? ሰንበታን የማያውቅ የናዝሬት ሰው ካለ ናዝሬት ትናንት የገባ መሆን አለበት። በ1979 ዓ.ም. ሰንበታ ኦርጋኑን ሲነካ ከባቡር ጣቢያው ማዶ ያሉ ውሾች ጩኸታቸውን አቁመው ያዳምጡት ነበር። ዝናብ የሚያስመስለውን ቁልፍ ሲጫን የምንጫወትበት ሆቴል እንግዳ ግማሹ ጃንጥላውን ይፈልግ ነበር። እኔ ቤዝ ጊታር ይዤ አጠገቡ የቆምኩ ሰው ስለሆንኩ ከእኔ የተሻለ ምስክር አታገኙም።

ነገሩ በሆነበት ቀን ጠዋት ሰንበታ ከሆቴሉ ወደ ቤቱ ገብቶ ሸሚዙን ሳያወልቅ አልጋው ላይ በደረቱ እንደተደፋ፣ ለገበያ ሽንኩርት ከመቂ የጫነ ኤንትሬ መኪና ደጃፉ ላይ ቆመና አክስቱን አወረደ። አክስቱን ብቻ ቢያወርድ ምንም አልነበረም። ረዳቱ ጆንያው ላይ ወጥቶ አንድ ትልቅ የእንጨት በር በገመድ አሰረና ቀስ እያደረገ ለቀቀላት። የምር በር ነው፤ መቀርቀሪያው የተንጠለጠለ፣ በውስጥ በኩል ጭስ ያጠቆረው፣ በውጭ በኩል ፀሐይ ያነጣው። አራት ጎረምሳ የማያነሳው በር ነበር። ሾፌሩና ረዳቱ ግን ተሸክመው በጎኑ አስገቡትና ሌላ ቦታ ስላልተገኘ ኦርጋኑ ላይ አስደገፉት። የሰንበታ ቤት የቀበሌ ቤት ነው፤ በመጋረጃ ለሁለት የተከፈለች አንዲት ክፍል። ከመጋረጃው ወዲያ አልጋና ቁም ሣጥን፣ ከመጋረጃው ወዲህ ኦርጋን፣ ክብ ጠረጴዛና ሦስት ወንበር። በሩ ከገባ በኋላ ሰው የሚቆምበት ቦታ ስለጠፋ ሚስቱ ሮማነወርቅ ከጓሮ ወደ ክፍሉ መግባት አቅቷት በመስኮት ነበር የምታየው።

«አዳዳ፣ ይህ ምንድን ነው?» አለ ሰንበታ። ጉዲቱ የአባቱ እህት ናት፤ በነሱ ቋንቋ አዳዳ ይሏታል። እናቱ ከሞተችበት ጊዜ ጀምሮ ያሳደገችው እሷ ናት።

«የቤቴ በር ነው፣ ኢልማ ኮ» አለችው፤ ልጄ ማለቷ ነው።

«እሱንማ አየሁት። ቤቱስ?»

«ቤቱን ወሰዱት» አለች፣ ዶሮዋን ስለወሰደባት ጭልፊት እንደምታወራ። «ጣራውን ሰዎች ተሸክመውት ሄዱ። ግድግዳው ፈረሰ። መንደር ምሥረታ ነው ብለው፣ አዲሱ መንደር ላይ መልሰው ይተክሉታል አሉ። በሩን ግን ባሌ በገዛ እጁ ነው የጠረበው። በሩን የሰጠሁት ሰው የለም።»

ሮማነወርቅ በመስኮቱ በኩል «እንኳን ደህና መጡ እማማ» አለች። ሰላምታዋ ግን ለዛ አልነበረውም። ለዚያም ምክንያት ነበራት። ከመጋረጃው ወዲያ፣ አልጋው ሥር፣ ብርጭቆዎቿን በጋዜጣ ጠቅልላ በካርቶን ደርድራ ጨርሳለች። ባሏ ከአዲስ አበባ የመጡትን የፊልም ሰዎች ዛሬ ካስደሰታቸው እዚያው በመንግሥት ፊልም ክፍል የሙዚቃ ባለሙያ ሆኖ ይቀጠራል፤ ደሞዙ በየወሩ፣ ቤቱ በኪራይ ቤቶች። ሆቴሉ ደግሞ እያበቃለት ነበር። ይህ ኦርጋን ከድሬዳዋ በባቡር የመጣ ጊዜ ከበሮውን ራሱ እየመታ፣ መለከቱን ራሱ እየነፋ ከበሮ መቺውንና ሳክስፎን ነፊውን ከሥራ አስወጥቶ ነበር። አሁን ሥራ አስኪያጁ ከአንድ መርከበኛ ላይ ትልቅ ቴፕ ገዝቶ «ካሴት እራት አይጠይቅም» ማለት ጀምሯል። ሰዓት እላፊ ከገባ ጀምሮ እስኪነጋ ከተቆለፈበት እንግዳ ጋር እየተቆለፈበት ስምንት ዓመት ያስጨፈረ ሰው፣ በካሴት ሊተካ ነው። ሮማነወርቅ የጠቀለለቻቸውን ብርጭቆዎች ፈትታ ለአክስቱ በአንዱ ሻይ ልትሰጣት ይገባ ነበር። በጣሳ ሰጠቻት። ሰንበታ አየ፤ ጉዲቱም አየች። ስኳር ከኅብረት ሱቅ የሚገኘው በወረፋ ነው፤ ሮማነወርቅ ግን በጣሳው ላይ የወሩን ስኳር ያህል ጨመረችበት። ይቅርታ መጠየቂያዋ እሱ ነበር።

ጉዲቱ ሻዩን ሳትቀምስ የመጣችበትን ተናገረች። ጣራዎቹ በተነሱበት ሳምንት የመንደሩ ሴቶች ሲንቄአቸውን ይዘው ወጥተዋል። ሲንቄ እናት ለምትዳር ልጇ የምትሰጣት ቀጭን ዱላ ነው። ሴት ስትበደል እሱን ይዛ እየጮኸች ትወጣለች፤ የሰማች ሁሉ የራሷን ይዛ ትከተላታለች። ወንድ ከፊታቸው አያልፍም፣ የተቀመጠም ይነሳል፣ በደሉ ሳይታይ አይመለሱም። ሴቶቹ እንዲህ ሆነው ሜዳው ላይ ሲደርሱ አንድ መነጽር ያደረገ ሰው ዓይን ያለው ሣጥን ይዞ ጠበቃቸው።

«አላባረረንም» አለች ጉዲቱ። «‹በጣም ጥሩ ነው፣ እስቲ ድገሙት› አለን። በዚህ ዕድሜዬ አቤቱታ ድገሙ ያለኝ ሹም አላየሁም። በደንብ ሊሰማን ነው ብለን ደገምንለት። ‹ፀሐዩ ከወዲህ ይሁን› አለን፤ ዞረን ደገምንለት። ‹ትልልቆቹ ያዩታል› አለን። ዛሬ ናዝሬት ላይ ለትልልቆቹ ይታያል ሲባል ሰማሁ። እንዴት እንደሚመልሱልን ልሰማ መጣሁ።»

የሰንበታ እንቅልፍ ከዓይኑ ላይ በነነ። መነጽር ያደረገው ሰው ጓድ አብተው ነው፤ ሆቴል አድሮ፣ ሰንበታ በኦርጋኑ ባቡር ሲያስጮህ ሰምቶ የመረጠው። ዛሬ የሚታየውም ፊልም ያው ነው። ሮማነወርቅ በመስኮቱ ባሏን አየችው፣ ባሏ በሩን አየ፣ ጉዲቱ ሻይዋን አነሳች።

ኦርጋኑን ከበሩ ሥር አውጥተው ጋሪ ላይ ለመጫን ሦስት ሰው ፈጀ። የናዝሬት ፀሐይ ያን ቀን እንቁላል ያበስላል ብል አታምኑኝም እንጂ፣ አስፋልቱ ላይ የጋሪው ጎማ መንገድ አውጥቶ ሄዷል። ሰንበታ ኦርጋኑን እንደ በሽተኛ ሰው አቅፎት ተቀምጦ፣ ገበያው ዳር በፓፓያ ዋጋ የሚከራከሩ ሴቶችን፣ ኅብረት ሱቁ ደጅ ፀሐይ ላይ የተሰለፈውን ሰው፣ ግድግዳው ላይ አዲስ ቀለም የተቀባ መፈክር እያየ አለፈ። ምን እንደሚያደርግ አላወቀም ነበር። የሴቶቹን ነገር ለአብተው ቢናገር ሴቶቹ ፀረ ሕዝብ ይባላሉ፤ ከዚያ በኋላ የሚሆነውን በዚያን ጊዜ ሕፃን ልጅ ያውቀዋል። ባይናገር አክስቱ በአቤቱታዋ ላይ የወንድሟ ልጅ ዳንኪራ ሲያስረግጥ ትሰማለች። በሁለቱ መካከል ደግሞ አዲስ አበባ ነበረች፤ ቀን መሥራት፣ ማታ መተኛት፣ ስሙ በፊልም ላይ ሲጻፍ ማየት። በዚህ አገር ካሴት የማይተካው የሙዚቃ ሥራ እሱ ብቻ ነው ብሎ ነበር ለእኔ ሲያወራ የከረመው።

አዳራሹ ውስጥ የሚጠብቀው ደሊል ነበር። ደሊል የከተማውን ፊልም ማሳያ ማሽን ለብዙ ዓመት ያንቀሳቀሰ፣ በቀን ሦስት ቃል የሚናገር፣ ሁለቱን ለማሽኑ የሚናገር ሰው ነው። መስኮቶቹን በጥቁር ጨርቅ ሸፍኖ፣ ነጭ አንሶላ ወጥሮ፣ ፊልሙን አጥልቆ ተቀምጧል። ፊልሙ ድምፅ የለውም፤ ድምፁ የሚጨመረው አዲስ አበባ ነው። ፊልሙን የሚያዩት ትልቁ የመንግሥት እንግዳ ግን ዛሬ ይመጣሉ፤ ሰንበታ ፊልሙን እያየ በቦታው እንዲጫወትላቸው የተፈለገው ለዚህ ነው። ካማረ የፊልሙን ሙዚቃ ሙሉውን ይሠራዋል።

ጓድ አብተው ውጭ አገር የተማረ፣ ክፉ ያልሆነ ሰው ነበር፤ የሚያሳዝነውም እሱ ነው። «ደስታ ስጠኝ» አለው። «ሆቴል ውስጥ እንደምትጫወተው፣ ግን ሰፋ ያለ። ከጨለማ ወደ ብርሃን የሚወጣ ሕዝብ ነው። ትራክተሩ ሲመጣ አገር የመጣ ይምሰል።» ደሊል ማሽኑን አስነሳው። ሜዳ ታየ፣ ግራር ታየ። ከዚያ አንድ ጣራ ከሥሩ መቶ እግር አብቅሎ ሜዳውን ሲያቋርጥ ታየ። ሰንበታ ሳቁ ሊመጣበት ሲል ጣራው የተነቀለበትን ጎጆ አየ። መቃኑ ባዶ ነው። በሩ የት እንዳለ በዚያ አዳራሽ የሚያውቅ እሱ ብቻ ነበር። ከዚያ ሴቶቹ መጡ። ሲንቄአቸውን ወደ ላይ ይዘው፣ አፋቸው ተከፍቶ፣ ያለ ድምፅ። ከፊት አዳዳ ጉዲቱ ናት፤ እንደ አንሶላው ስፋት የገጠር ቤት የምታህል ሆና፣ አፏን እየከፈተችና እየዘጋች በቀጥታ ወደ ሰንበታ ትመጣለች። ሰንበታ የምትለውን ከከንፈሯ ያነበዋል። ፀሐዩ ዞረና ደግመው መጡ።

«ይህች የፊልሙ ልብ ናት» አለ አብተው። «ገና ሲያዩዋቸው የሴቶቹ ደስታ እንግዳውን ከወንበራቸው ያስነሳቸዋል። ዱላው ምንድን ነው? የጭፈራ ነው?»

ሰንበታ ወደ አንሶላው አየ። «የሠርግ ነው» አለ። «እናት ለሙሽራ የምትሰጣት ነው።»

እዩት እንግዲህ! ሐሰት አይደለም፤ እውነትም አይደለም። ከዚያች ቃል የተሻለ መልስ ሰባት ጠበቃ ቢሰበሰብ አያመጣም። አብተው «ግሩም፣ ግሩም፣ የሠርግ አድርገው» እያለ እጁን እያሻሸ ለምሳ ወጣ። ሰንበታ ምሳ አልበላም። ጨለማው ውስጥ ኦርጋኑ ፊት ቁጭ ብሎ ዋለ።

ከሰዓት በኋላ እንግዳው በሦስት መኪና ታጅበው ደረሱ። የፊት ወንበሮች ላይ የአበባ ጨርቅ ተነጥፏል፣ አምቦ ውሃ ተደርድሯል። ከኋላ የከተማው ሹማምንት፣ ከዚያ የቀበሌ ሰዎች፣ ከዚያ ሾፌሮቹ፣ ዘበኞቹ፣ የአዳራሹ ጽዳት ሠራተኞች። ቁጥሩን ብነግራችሁ አዳራሹ አይችለውም። ጉዲቱ ነጠላዋን ተከናንባ፣ በሮማነወርቅ ጫማ፣ ከማሽኑ አጠገብ ተቀመጠች። ሮማነወርቅ ራሷ ያንን ጫማ አውልቃ ስላጠለቀችላት ቤት ቀረች። እኔ ግድግዳው ጋ ቆሜ ነበር።

መብራት ጠፋ። ሰንበታ ጀመረ። ለትራክተሩ አገር ሰጠው፤ ከእውነተኛው ትራክተር ይልቅ የሰንበታው ኃይል ነበረው። ጣራው ሜዳውን ሲያቋርጥ እንዲህ ያለ የሚዘል ዜማ ሰጠው፣ እንግዳው በእግራቸው ወለሉን ሲመቱ እኔ በጫማዬ ሥር ተሰማኝ። ከዚያ ሴቶቹ ብቅ አሉ። ያኔ ሰንበታ እጁን አነሳና የኦርጋኑን ከበሮ አጠፋው። መለከቱን አጠፋው። ዋሽንት የሚመስለውን ብቻ አስቀረና በአንድ ጣት፣ በአንድ ጣት ብቻ፣ የሴቶቹን የራሳቸውን ጩኸት አወጣው። በልጅነቱ ጉዲቱ ቀሚስ ሥር ተወሽቆ የሰማውን። አፋቸው ሲከፈት ድምፁ ይወጣል፣ ሲዘጋ ይቆማል። ያ የታፈነ ፊልም መናገር ጀመረ።

መጀመሪያ የተነሳው በሩ ላይ የነበረው ዘበኛ ነው። ከዚያ ሾፌሮቹ። ከዚያ ከገጠር የመጡት የቀበሌ ሊቃነ መናብርት፣ ማን እንዳስነሳቸው ሳያውቁ፣ እግራቸው ራሱ አስነሳቸው። ሲንቄ ሲያልፍ የማይነሳ ወንድ በዚያ አገር አልተወለደም! ሹማምንቱ ዞር ብለው ሲያዩ ኋላቸው ሁሉ ቆሟል። ሰው ሁሉ ቆሞ የተቀመጠ ሹም ምን ይባላል? በዚያ ዘመን ለጭብጨባ ዘግይቶ መነሳት ምን እንደሚያስከትል ታውቃላችሁ፤ እነሱም ተነሱ። መጨረሻ ላይ እንግዳው ራሳቸው ካኪያቸውን አስተካክለው ቀጥ ብለው ቆሙ። የመንግሥት ትልቅ ሰው፣ ቤታቸውን ያፈረሰባቸው ሰው፣ ለመቂ ሴቶች አቤቱታ ቆመ! ጉዲቱ እልልታዋን ስትለቀው የአዳራሹ ቆርቆሮ ተነስቶ ተመልሶ ወደቀ። መብራት ሲበራ እንግዳው የሰንበታን እጅ ጨብጠው «ይህ ሰው አዲስ አበባ ይምጣ» አሉ። ሰንበታም ሄደ፤ አንገቱን ቀና አድርጎ፣ በአክስቱ ምርቃት፣ ሥራውንም ክብሩንም ይዞ። ከዚያ ወዲያ በዚያ አገር ጣራ ለመንቀል የተላከ ሰው ከመንገድ ይመለስ ነበር ይባላል።

ይህን ታሪክ ያላወራሁበት የናዝሬት ቤት ካለ ቤቱ አዲስ ነው ማለት ነው። ባለፈው እሁድ ዕቁባችን ላይ ስጨርሰው ሰዉ እንደ ወትሮው እጁን አጨበጨበልኝ፣ አንዱም «ወይ ሰንበታ!» አለ። ደሊል ጥግ ላይ ነበር። ዕቁቡን ከጀመረ ሁለት ወሩ ነው፤ ታሪኩን እኔ ሳወራ ሲሰማ የመጀመሪያው መሆኑን ያኔ ነው ያስተዋልኩት። አርጅቷል፤ አንድ ዓይኑ አያይም። ሰዉ ጸጥ እስኪል ጠበቀና ማንንም ሳያይ ተናገረ።

«የሴቶቹ ክፍል አልታየም።»

«እንዴት አልታየም?» አልኩት። «አንተ አይደለህ ማሽኑን የያዝከው?»

«ቆርጬ ያወጣሁትም እኔ ነኝ። በምሳ ሰዓት ጓድ አብተው ቁረጥ አለኝ፤ ቆረጥኩት።»

«ጋሼ ደሊል፣ ታዲያ ለአብተው ማን ነገረው?» አለ አንዱ።

«አብተው ምኑን ብሎ ይጠይቃል? ደስ ብሎት ነበር። ሰንበታ ነው ክንዱን ይዞ ወደ ጥግ ወስዶ፣ ዱላው የምን እንደሆነ የነገረው። ለሴቶቹ ፈርቶላቸው ይሁን ለሥራው ፈርቶ፣ አላውቅም። እሱም የሚያውቀው አይመስለኝም። ከሰዓት በኋላ የሠርግ ዘፈን ተጫወተ። ጥሩ አድርጎ ነው የተጫወተው። ማንም አልተነሳም። ሲያልቅ አጨበጨቡ፣ አምቦ ውሃቸውን ጠጡ፣ ሄዱ።»

ከዚያ ቀጠለ፤ ድምፁን ዝቅ ስላደረገው ሰዉ ወደ እሱ ጎንበስ አለ።

«አክስትየው አጠገቤ ነበረች። ጣራው ሲያልፍ አየች፣ ትራክተሩን አየች። ‹እኛ ሴቶቹ የምንታየው መቼ ነው?› አለችኝ። ‹አሁን› አልኳት። ትንሽ ቆየችና ደግማ ጠየቀችኝ። ‹አሁን› አልኳት። መብራቱ እስኪበራ ድረስ እንደዚያ እንዳልኳት ነው።»